ቁልፉ ማን ጋ ነው? የመስጂድ የሴቶች ክፍል ማስከፈት ለምትፈልጊ

አዳማ ገበያ አካባቢ ልብስ እሰፋለሁ። ሱቄ አንድ ሲንጀር፣ አንድ ጠረጴዛና አንድ መስታወት ነች። ሁለት ደንበኛ ከገባ እኔ መውጣት አለብኝ፤ ስፋቷ ያን ያህል ነው። ዙህር፣ የቀትር ሶላት፣ ሲደርስ የት ልስገድ? ቤቴ ደምበላ ነው። ባጃጅ ይዤ፣ ሰግጄ እስክመለስ ደንበኛዬ ሌላ ሰፊ ጋ ሄዷል። መስጂዱ ግን ከሱቄ ሦስት ደቂቃ አይሞላም።

ያቺን ሦስት ደቂቃ ለስምንት ዓመት አልሄድኳትም። "ሴት አይገባም" ያለኝ ሰው ኖሮ አይደለም። እንዲያውም የሴቶች ክፍል አለ። በሩ ላይ በአማርኛ፣ በኦሮምኛና በዐረብኛ ተጽፎበታል። ከጽሑፉ ሥር ጓጉንቸር ተንጠልጥሏል።

አሁን ክፍት ነው። ከሌላ ሰፈር፣ አንዳንዴም ከወንጂና ከሞጆ ልብስ ሊያሰፉ የሚመጡ ሴቶች "እንዴት አደረጋችሁት?" ይሉኛል። ጨርቅ እየለካሁ ለእያንዳንዷ ከማወራ ብዬ ነው ይህን የጻፍኩት። የመስጂዱን ስም አልጠራም። አንዴ ጠርቼ አይቼዋለሁ።

እኔ ያጠፋሁትን አታጥፊ

አንድ ዐርብ ተናድጄ ጓጉንቸሩን ፎቶ አነሳሁና ፌስቡክ ላይ ለጠፍኩት፣ ከነመስጂዱ ስም። ከሥሩ የጻፍኩትን አሁን ሳስበው ያሳፍረኛል። በአንድ ሌሊት ስንቱ ተቀባበለው። ግማሹ እኔን ሰደበ፣ ግማሹ ኮሚቴውን፣ የቀረው ሃይማኖታችንን። ሲነጋ የኔ ጥያቄ የት እንደገባ አላውቅም፤ የማላውቃቸው ሰዎች ጠብ ብቻ ነበር የቀረው። ኮሚቴው ስም ማጥፋት ነው አለ። ባለቤቴን ጁምዓ ላይ ፊት ነሱት። ሰባት ወር ሙሉ ስለ ክፍሉ ያነሳ ሰው የለም። እኔም የምናገርበት አፍ አልነበረኝም።

በመጨረሻ ፎቶውን አጠፋሁና ከባለቤቴ ጋር የኮሚቴው ሰብሳቢ ቤት ይቅርታ ልጠይቅ ሄድኩ። ሀጂ አስቀመጡን፣ ቡና ተፈላ። ሁለተኛው ላይ "ልጄ፣ በሩ መቆለፉን እኔም ያወቅኩት ካንቺ ፎቶ ነው" አሉኝ። ስኒዬን ይዤ ቀረሁ። ሀጂ በዚያ በር አልፈው አያውቁም። ለምን ብለው ያልፋሉ? የሴቶች በር ነው።

ስምንት ዓመት ሙሉ አንድ ክፉ ሰው ስፈልግ ነበር። ያገኘሁት ማንም ዞር ብሎ ያላየውን ጓጉንቸር ነው። ቁልፉ አንድ ባለሱቅ ጋ ነበር፤ ሰውየው ዕቃ ያዥ ነው እንጂ ሴት የሚጠላ አይደለም። ቀን ላይ ምሳውን በልቶ ይተኛል። ቁልፉም አብሮት ይተኛል።

ስለዚህ የመጀመሪያ ሥራሽ ይሄ ነው፦ ቁልፉ ማን ጋ እንዳለ ጠይቂ። ቁጣሽን ለኋላ አቆይው።

ለክተሽ ቅረቢ

"መብታችን ይከበር" ብለሽ ብትገቢ "ማን ነካው?" ትባያለሽ። የጎደለውን በየስሙ ለይተሽ ያዢ። እኔ የልብስ ሜትሬን ይዤ ነው የገባሁት። ሙአዚኑ ቁልፉን አምጥቶ ከፈተልን፤ እሱ ከመጀመሪያውም ከኛ ጋር ነበር። ውስጥ ምን አገኘን? የሲሚንቶ ከረጢቶች፣ የተሰበሩ ቬንትሌተሮች፣ ያረጀ ምንጣፍ፣ የዒድ ሸራ፣ አንድ የማይሠራ ሞንታርቦ፣ ደግሞ ጀናዛ የሚወጣበት ቃሬዛ። አብራን የነበረች ልጅ ቃሬዛውን ስታይ ጫማዋን በእጇ ይዛ ወጣች።

ክፍሉ 6 ሜትር በ4 ሜትር ነው። ከአዳማ ቂብላ፣ ስንሰግድ የምንዞርበት የመካ አቅጣጫ፣ ወደ ሰሜን ነው። ረጅሙ ግድግዳ ሰሜን ላይ ስለሆነ ሰፉ፣ የሰጋጆቹ ረድፍ፣ በ6 ሜትሩ ይሰለፋል። አንዲት ሴት ለመቆም 60 ሳንቲ፣ ግንባሯን መሬት አስነክታ ለመስገድ፣ ለሱጁድ፣ 1 ሜትር ከ20 ይበቃታል። አሥር ሴት በአንድ ሰፍ፣ ሦስት ሰፍ፣ ሠላሳ ሴት። የተረፈችው 40 ሳንቲ ለጫማ። "እሱ ክፍል ለማን ይበቃል?" ያለኝ የኮሚቴ አባል ነበር፤ ይህቺን ሂሳብ ወረቀት ላይ ስሰጠው ሁለት ጊዜ ደመራትና ዝም አለ።

ከስፋቱ ይልቅ የሚያስቸግረው ውሃው ነው። ወንዶች ደጅ ተደርድረው ቧንቧው ላይ ውዱእ፣ የሶላት መታጠብ፣ ያደርጋሉ። እኛ ፀጉራችንን፣ ክንዳችንን እስከ ክርን፣ እግራችንን ገልጠን እዚያ መቀመጥ አንችልም። ክፍሉ ክፍት ሆኖ የተከለለ ውሃ ከሌለው፣ ጠዋት ከቤቷ ለወጣች ነጋዴ ያው እንደተቆለፈ ቁጠሪው። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) በአንድ ሙድ ውሃ ውዱእ ያደርጉ እንደነበር ተዘግቧል፤ ሁለት እጅ ተገጥሞ የሚታፈስ ያህል ነው። አንድ ሊትር ገደማ ውሃ ለአንድ ሰው ይበቃል ማለት ነው። ስለዚህ "ቧንቧ ለመዘርጋት ገንዘብ የለም" ከተባልሽ አትከራከሪ። ቧንቧ ያለው በርሜል፣ ውሃ መውረጃ ያለው ጥግና አንድ መጋረጃ ጠይቂ።

ሰዓቱንም ለይተሽ ጻፊ። ብዙ መስጂድ "ለሴቶች ክፍት ነው" ሲልሽ የጁምዓንና የረመዷንን ነው የሚያወራው። ለገበያ ሴት የሚያስፈልጋት ስድስት ሰዓት ተኩል ገደማ ዙህር፣ ዘጠኝ ተኩል አለፍ ሲል ደግሞ የዐስር ሶላት ነው። በንጋቱ ሱብሂና በማታው ዒሻ ላይማ ቤቷ ነች። እኛም የጠየቅነው ሁለቱን ብቻ ነው። ትንሽ ጥያቄ ለመከልከል ያሳፍራል።

ከዚያ ቁጠሪ። "ሴቶች አይመጡም፣ ባዶውን ይውላል" የሚለው ወሬ በእያንዳንዱ ኮሚቴ ውስጥ አለ። አንድ ሳምንት ሙሉ፣ "የት ልስገድ?" ብላ ሱቄ የገባችውን፣ የተቆለፈውን በር ገፍታ የተመለሰችውን ሁሉ ጠረጴዛዬ ጠርዝ ላይ በልብስ ጠመኔ አሰመርኩ። አትክልት ሻጮች፣ የባንክ ሠራተኛ፣ ከመናኸሪያ ወርደው ወደ አሰላና ወደ ድሬዳዋ መኪና የሚጠብቁ መንገደኞች። ቅዳሜ ማታ 43 መስመር ነበር። ጠረጴዛውን ፎቶ አነሳሁት። ይሄኛውን ፎቶ ግን ፌስቡክ አላየውም።

አሮጊት ፈልጊ

ይህን የተማርኩት ከህንድ ሴቶች ነው። ልጄ ናት የነገረችኝ። ሙምባይ ውስጥ ባሕሩ ላይ የተሠራ ሐጂ ዐሊ የሚባል ዳርጋ አለ፣ የአንድ ወልይ፣ የቅዱስ ሰው፣ መቃብር። መቃብር ስለ መጎብኘት (ዚያራ) እዚህ ክርክር አልጀምርም፤ ወሬው ሌላ ነው። ሴቶች እስከ ውስጥ ድረስ ይገቡ ነበር። በፈረንጆቹ 2012 ሲሄዱ የውስጡ ክፍል ለሴት ተዘግቶ አገኙት። የሙስሊም ሴቶች ማኅበር ከሰሰ። ኦገስት 2016 ላይ የቦምቤ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ፈረደላቸው፤ በዚያው ዓመት ኖቬምበር መጨረሻ ገቡ።

እኔን የያዘኝ ፍርዱ አልነበረም። ሴቶቹ "ድሮ እንገባ ነበር፤ ማን፣ መቼ፣ ለምን ዘጋው?" ማለታቸው ነው። አዲስ ነገር አመጣሽ የሚባል ሰው ሁሌ ተከሳሽ ነው። የድሮውን የሚጠይቅ ግን ባለቤት ነው።

እኛም ሰፈር ውስጥ ጠየቅን። አንዲት እናት ተገኙ። ዕድሜያቸውን ራሳቸውም በትክክል አያውቁትም። በደርግ ጊዜ መስጂዱ ጭቃ ቤት ሳለ ከወንዶቹ ኋላ በነጠላ ጋርደው ይሰግዱ ነበር። በብሎኬት ሲሠራ ለሴቶች ብለው ብር አዋጥተዋል። ኮሚቴው ፊት ይዘናቸው ገባን። አንዱ አባል "ሴቶች እዚህ ድሮም አይሰግዱም" ሲል ሰምተው ቀና አሉና፣ "አንተ ልጅ፣ እኔ እዚህ ስሰግድ አንተ እናትህ ጀርባ ላይ ታለቅስ ነበር" አሉት። ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። ከዚያ በኋላ የኔ ሜትርና ጠመኔ ብዙም አላስፈለገም።

ፍርድ ቤትን በተመለከተ፣ የሚጠይቁኝ ወጣቶች አሉ። ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 27 ላይ የሃይማኖት ነፃነትን፣ አንቀጽ 35 ላይ የሴቶችን እኩልነት ጽፏል። እወቂው፤ ጥሩ ነው። ነገር ግን አንቀጽ 11 መንግሥት በሃይማኖት ጉዳይ ጣልቃ አይገባም ይላል። ቀበሌ ሄደሽ "መስጂዱን ክፈቱልኝ" ብትዪ የት እንደሚልኩሽ ታውቂዋለሽ። በሕንድ ሌላም ነገር ሆኗል። ሳባሪማላ የሚባለው የሂንዱ ቤተ መቅደስ ከ10 እስከ 50 ዓመት ያሉ ሴቶችን አያስገባም ነበር። በሴፕቴምበር 2018 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ 4 ለ 1 ይግቡ አለ። ሁለት ሴቶች በፖሊስ ታጅበው የገቡት ግን በጃንዋሪ 2019፣ ያውም ገና ሳይነጋ ነው። እነሱ ሲወጡ ካህናቱ ለማንጻት ብለው በሩን ዘጉት። እኔ በበኩሌ የምሰግደው ከሰፈሬ ሰው ጋር ነው። ፖሊስ ባስገባኝ ሰፍ ውስጥ ሱጁዴ አይጥመኝም። ሌላዋ ሌላ ልታስብ ትችላለች።

ሐዲሱን ያዢ፣ የሚቃወምሽንም ጭምር

"የአላህን ሴት ባሮች ከአላህ መስጂዶች አትከልክሏቸው" የሚለውን ሁሉም ያውቀዋል። ቡኻሪና ሙስሊም ዘግበውታል፤ ያስተላለፈው ዐብዱላህ ኢብኑ ዑመር ነው። ብዙ ሰው የማያውቀው ቀጥሎ ያለውን ነው። ዐብዱላህ ይህን ሲናገር የገዛ ልጁ "በአላህ እንከለክላቸዋለን" አለ። አባትየው ከዚያ በፊት ተሰምቶ በማያውቅ ስድብ ሰደበው። "እኔ የነቢዩን ቃል ስነግርህ አንተ እንከለክላለን ትላለህ?" ነው ነገሩ። የኸሊፋው ዑመር ሚስት ታሪክም አለ። ዑመር መውጣቷን እንደማይወድ እያወቀች ለሱብሂና ለዒሻ መስጂድ ትሄድ ነበር። ታዲያ ለምን ትወጫለሽ ሲሏት "እንዳይከለክለኝ ምን ያዘው?" አለች፤ የያዘው ይኸው ሐዲስ ነበር።

አሁን የሚመጣብሽን ስሚ። "ቤታቸው ይበልጥላቸዋል" የሚል አለ፤ አቡ ዳውድ ዘግቦታል። አትካጂው። እኔ ያልኩት፣ "እውነት ነው፣ ቤቴ ብሆን ይበልጥልኝ ነበር። ግን ቤቴ አይደለሁም። ገበያ ነኝ። ምርጫዬ መስጂዱ ወይም የሱቅ ጥግ ነው።" ሁለተኛው ከበድ ያለ ነው። የነቢዩ ባለቤት እናታችን ዓኢሻ፣ ነቢዩ ሴቶች በኋላ ያመጡትን ቢያዩ ኖሮ በከለከሏቸው ነበር ብላለች። ይህን ሲጠቅሱብሽ አትደንግጪ። ኡስታዛችን የመለሰው አጭር ነው፦ "ቢያዩ ኖሮ" አለች እንጂ ተከልክሏል አላለችም። ሦስተኛው የሽቶና የመቀላቀል ነገር ነው። በዚህ አትከራከሪ። ሽቶ ሳንቀባ፣ በራሳችን በር እንገባለን በይ። ነቢዩ ራሳቸው አንዱን በር "ለሴቶች ብንተወው" እንዳሉ ተዘግቧል፤ ኢብኑ ዑመርም እስኪሞት በዚያ በር አልገባም።

ይህን ሁሉ ያነበብኩት እኔ ነኝ፣ ማታ ማታ፣ ልብስ ተኩሼ ስጨርስ። ኮሚቴው ፊት የተናገረው ግን ኡስታዙ ነው። እኔ ወረቀቱን ሰጠሁት፣ እሱ አነበበው፣ እነሱ ለእሱ አንገታቸውን ነቀነቁ። ያናድዳል። እኔንም አንጀቴን አሳርሮኛል። ግን ባለፈው በራሴ አፍ ተናግሬ ሰባት ወር ከስሬያለሁ። በሩ ይከፈት እንጂ ማን እንደተናገረ በኋላ እናወራለን ብዬ ዋጥኩት።

ማመልከቻው

አንድ ገጽ ይሁን። ምን እንደጠየቅሽ፣ ምን እናንተ እንደምታወጡ፣ ምን ከእነሱ እንደምትፈልጊ። እኛ መጋረጃውን፣ ምንጣፍ ማጠቡንና ጽዳቱን ወሰድን። ከእነሱ የፈለግነው ሲሚንቶውን ማውጣት፣ ስፒከሩን ማገናኘትና ቁልፉን ነው። አሥራ አንድ ሴቶች ፈረምን፤ የአራቱ ባሎችና ወንድሞችም ከሥር ፈረሙ። ሁለት ኮፒ አድርጊ፣ አንዱ ላይ "ደርሶናል" ብለው ይፈርሙልሽ። መልስ ከጠፋ የከተማው መጅሊስ፣ የእስልምና ጉዳዮች ምክር ቤት፣ አለ። መጅሊስ በእኛ አቆጣጠር በ2012 በአዋጅ ሕጋዊ ሰውነት ያገኘ ተቋም ስለሆነ ደብዳቤ ስታስገቢ መዝገብ ላይ እንዲሰፍርልሽ ጠይቂ። እኛ እዚያ አልደረስንም። ሀጂ በሦስተኛው ሳምንት "ልጆቹ ሲሚንቶውን እያወጡ ነው" ብለው ደወሉ።

ከተከፈተ በኋላ

የአዳማን ንፋስ ታውቂዋለሽ። የመጀመሪያውን መጋረጃ ቀለል ካለ ጨርቅ ሰፍቼ ሰቀልኩት። ዐስር ላይ ለሩኩዕ ጎንበስ እንዳልን ንፋሱ አንስቶ ኮርኒስ አስነካው። ሁላችንም ለሙአዚኑ ታየን፤ ምስኪኑ ወዲያው ዞረ። ሁለተኛውን ከባድ ጨርቅ አደረግኩና ቅምቅማቱ ውስጥ አሸዋ የሞላሁበት ቱቦ ሰፋሁ። እስካሁን አልተነቃነቀም። መጋረጃ የምትሰፊ ከሆነ ቅምቅማቱን አራት ጣት ተይው።

ድምፁ ደግሞ ሌላ ጉድ ነው። በረመዷን የሌሊት ሶላት፣ ተራዊህ፣ ላይ ሱጁድ እንደወረድን መብራት ጠፋ። ወንዶቹ ኢማሙን በዓይናቸው ያዩታል። እኛ ግድግዳ ብቻ ነው የምናየው። ግንባራችን መሬት ላይ ሆኖ ጠበቅን፣ ጠበቅን። አንዲት ልጅ መሳቅ ጀመረች፣ ከዚያ ሁላችንም። ለካ ወንዶቹ ሁለት ረከዓ ሄደዋል። አሁን የሴቶቹ ስፒከር ከዋናው ጋር በአንድ ባትሪ ይሠራል። ግድግዳው ላይም ከፍ ብሎ አንድ ብሎኬት ወጥቶ ወንፊት ገብቷል። ስፒከሩ ቢሞት የኢማሙ ተክቢራ በዚያ ይሰማል። ብሎኬቱን ለማስወጣት ስፒከሩን ከመግዛት የበለጠ ጭቅጭቅ ነበር፣ ሳቄ እየመጣ ነው የምነግርሽ።

ልጅ ይዞ መምጣትን በተመለከተ ኮሚቴው ውስጥ ማጉረምረም ነበር። ነቢዩ የሕፃን ለቅሶ ሲሰሙ እናቱን እንዳያስጨንቁ ሶላቱን ያሳጥሩ እንደነበር ኡስታዙ በኹጥባ አነሳው። ቀረ።

ጎረቤቴ ኦርቶዶክስ ናት፣ ሱቋ ከሱቄ ተያይዟል። ይህን ሁሉ ሳወራላት "እኛ እኮ የሴቶች በርና የሴቶች ወገን ድሮም አለን" ትለኛለች። ሴት የማይገባበት ደብረ ዳሞስ ስላት "እሱ ገመድ ነው፣ ወንዱም ይፈራዋል" ብላ ታልፈኛለች። ሶላት ላይ ስሆን ሱቄን የምትጠብቀው ግን እሷ ናት፤ እሑድ ጠዋት የሷን እኔ እጠብቃለሁ።

ክፍሉ ባዶ ከዋለ ሲሚንቶው ይመለሳል። ይህን እርግጠኛ ሁኚ። ስለዚህ ተራ አወጣን፦ በየቀኑ ለዙህርና ለዐስር ቢያንስ ሁለት ሴቶች እንዲገኙ፣ ሐሙስ ማታ ጽዳት፣ በወር አንዴ ምንጣፍ ማጠብ። የአዳማ ፀሐይ ምንጣፍ በግማሽ ቀን ያደርቃል፤ ችግሩ አቧራው ነው፣ ጠዋት ታጥቦ ከሰዓት ሳይነፍስ ይግባ። በወር አበባ ላይ ያለችው ተራዋን በሚቀጥለው ሳምንት ትከፍላለች፤ ምክንያት አንጠይቅም።

ቁልፉን ደግሞ በሀጂ ፈቃድ ቀራጭ ጋ ወስጄ ሦስት አስቀረጽኩ። አንዱ ሙአዚኑ ጋ ነው፣ አንዱ መስጂዱ በር ላይ ቡና የምታፈላው ልጅ ጋ። ሦስተኛው ሱቄ ውስጥ ከመስታወቱ ጎን ሚስማር ላይ ተሰቅሏል። ዙህር ላይ ከመጣሽ አትጠይቂኝ፣ አንስተሽ ሂጂ። ስትመለሺ ብቻ እዚያው ስቀዪው፤ ባለፈው ሳምንት አንዷ መንገደኛ በቦርሳዋ ይዛው አሰላ ደርሳ በሹፌር ነው የመለሰችው።